ጊዜ የማይገባበት ግንብ

በሰባ ሰባቱ ርሃብ ከጎንደር ቆላ ተነሥተን ሱዳን ስንገባ ልጄ ገና ጥርስ እያወጣ ነበር። ባሌን መተማ ሳንደርስ ወባ ወሰደብኝ። የቀረውን መንገድ የአገር ሰዎችን ተጠግቼ፣ ልጄን አዝዬ ጨረስኩት። ያረፍንበት ካምፕ ከገዳሪፍ ወዲያ፣ ዓይን እስኪደክም ሜዳ በሆነ ጥቁር አፈር ላይ ነበር። አፈሩ ሲደርቅ እጅ የሚያስገባ ስንጥቅ ይሰነጠቃል፤ ሲዘንብ ደግሞ እግር ይዞ አይለቅም።

ለተጎዱ ሕፃናት ወተት የሚሰጥበት ትልቅ ድንኳን ነበር። ጠዋት ልጆቻችንን ታቅፈን እንገባለን፤ ጀንበር እስክታዘቀዝቅ እዚያው ነን። ወተቱ እየቆየ በኩባያ ይታደላል። ልጆቹ ግን አይጠጡም። ይህን በዓይኑ ያላየ ሰው አያምነኝም፤ የራበው ልጅ ወተት ሲያይ የሚሻማ ይመስለዋል። ርሃብ ሲከርም የመብላት ፍላጎትንም ይዞ ይሄዳል። ልጄ ኩባያው ሲቀርብለት ፊቱን ወደ ደረቴ ያዞር ነበር። እኔ ሳወራ ብቻ አፍ አፌን እያየ የሱም አፍ ይከፈታል፤ ያኔ በማንኪያ ጠብ አደርግለታለሁ። ስለዚህ ማውራት ነበረብኝ።

የማውቃቸውን ተረቶች ሁሉ ሞከርኩ። እኛ አገር ግን ተረት ውስጥ ወይ አንዱ ሌላውን ይበላል፣ ወይ ድግስ ይደገሳል። አጥንታቸው በሚቆጠር ልጆች መካከል ተቀምጬ ጅብ አህያ በላ ማለት አልቻልኩም። ጠላ ተጠመቀ፣ ሠንጋ ተጣለ ማለትም አልቻልኩም። አንድ ቀን ግራ ሲገባኝ ከራሴ ፈጥሬ ጀመርኩ።

"ሁለት ጨረቃ ያላት አንዲት አገር ነበረች" አልኩት ልጄን። "ወንዞቿ ከቆላ ወደ ደጋ ነው የሚወጡት። በዚያች አገር ጊዜ እንደኛ አገር ሳይታይ አያልፍም፤ እንደ አውሬ በየመንደሩ ይዞራል። የገባበት ቤት ጎተራው ይጎድላል፣ ልጁ ይታመማል፣ ሽማግሌው ይሞታል። ሰዎቹ መክረው መክረው ጊዜ የማይገባበት ግንብ ሠሩ።"

እንዴት እንደሠሩትም ነገርኩት። ድንጋዩን ፀሐይ አይቶት ከማያውቅ ከወንዝ ሆድ አወጡ። ኖራውን በወተት አቦኩ። እያንዳንዱን ድንጋይ ሲያስቀምጡ ግንበኞቹ ትንፋሻቸውን ይይዛሉ፤ አንዱ እንኳ ቢተነፍስ ጊዜ በዚያ በኩል ቀዳዳ ያገኛል። ግንቡ አልቆ በሩ ሲዘጋ ውስጥ ያለው ሁሉ ባለበት ቀጥ አለ። የእሳቱ ነበልባል እንደ ቅጠል ቆመ። ዝንቧ አየር ላይ ቀረች። ሲስቅ የነበረው ሰው ጥርሱ እንደታየ ቀረ። የራበው ሰው ርሃቡ አይጨምርበትም፤ የታመመውም አይብስበትም። ክፉ ዘመን ሲመጣ የዚያች አገር ሰዎች የሚወዱትን ሰው ወደ ግንቡ ያስገቡና እህል ፍለጋ ይወጣሉ፤ ዝናብ ሲጥል ተመልሰው ይከፍቱለታል። በሩን መክፈት የሚችለው የዘጋው ሰው ብቻ ነው።

ይህን ሁሉ ከየት እንዳመጣሁት አላውቅም። ልጅ ሆኜ አባቴ ጎንደር ከተማ ወስዶኝ የነገሥታቱን ግንብ በውጭ በኩል አይቼዋለሁ፤ ግድግዳው ምናልባት ከዚያ ይሆናል። የቀረውን ጭንቀት ነው የፈጠረው። ልጄ ግን ያን ዕለት ወተቱን ጨረሰ።

ከጎኔ ባለው ምንጣፍ ላይ አንዲት ሴት ትቀመጥ ነበር። በዕድሜ ስለምትበልጠኝ እታለም እያልኩ ነበር የምጠራት። ረዥም ናት፤ የፊት ጥርሷ ፍንጭት ነው፤ ነፍሰ ጡር ነበረች። ድንኳኑ ውስጥ የራሷ ልጅ የላትም። እናቶቻቸው የታመሙባቸውን ሕፃናት እየታቀፈች ወተት ታጠጣ ነበር። ባሏ መፋዛ፣ ራሃድ ወንዝ ዳር፣ በሰው ማሳ የቀን ሥራ ሊሠራ ሄዷል። መጀመሪያ ሰሞን ከዚህ በላይ አልነገረችኝም። እኔ ግንቡን ለልጄ ሳወራ እሷ አንገቷን ደፍታ ትሰማለች። አንድ ቀን ቀና አለችና፣

"እዚያ ግንብ ውስጥ ልጅ መግባት ይችላል?" አለችኝ።

"ለምን አይችልም፣ እታለም?"

"የማንም ልጅ?"

"የማንም።"

የታቀፈችውን ሕፃን አፍ በነጠላዋ ጫፍ ጠረገች። "እንግዲያው የኔን አስገቢልኝ" አለችኝ።

ስለ ልጅቷ የነገረችኝ ያኔ ነው። አገር ቤት፣ እናቷ ዘንድ ትታት የመጣች ሴት ልጅ አለቻት። ሲነሡ ልጅቷ እግሯ ቆስሎ መራመድ አትችልም። እታለም ሆዷ ገፍቷል፤ ባሏ ስንቁንና ውሃውን ተሸክሟል፤ የሚያዝላት ጠፋ። "እህል ይዤ እመለሳለሁ ብያት ነው የመጣሁ" አለችኝ። "በሩን የዘጋሁት እኔ ነኝ።"

"ምን ትመስላለች?"

"ጠይም ናት። የተበሳው አንድ ጆሮዋ ብቻ ነው። አንዱን ስበሳት አልቅሳ፣ ሌላውን አላስነካም ብላ ቀረች።" ይህን ስትል ሳቀች፤ ስትስቅ ያየኋት ያን ጊዜ ነው መጀመሪያ።

አስገባኋት። ከዚያ ወዲህ እታለም ገና ስትቀመጥ "ዛሬስ?" ትለኛለች። እኔም "ዛሬም እንዳለች ናት" እላታለሁ። ግንቡ ውስጥ ምንም የሚደረግ ነገር የለም፤ የምነግራት ግን አላጣሁም። አንድ ቀን ከልጅቷ እጅ ያመለጠች ሽምብራ መሬት ሳትደርስ አየር ላይ መቆሟን እነግራታለሁ። ሌላ ቀን በመስኮት የገባው ፀሐይ በጆሮዋ ቀዳዳ አልፎ ትከሻዋ ላይ ነጥብ ማሳረፉን እነግራታለሁ። ሌሎቹም ሴቶች ጆሯቸውን ይጥሉ ጀመር። አንዷ ላሟን፣ አንዷ ሽማግሌ አባቷን አስገቢልኝ አለችኝ። "ላሟ ስትሸና በሩ ቢዘጋ ሽንቷም ይቆማል?" ብላ አንዷ ስትጠይቅ ድንኳኑ በሳቅ ተሞላ። ወተት አዳዩ ሱዳናዊ ሳይገባው አብሮን ሳቀ። ደስ ይለኝ ነበር። በዕድሜዬ ሙሉ ያን ያህል ሰው ሲሰማኝ አይቼ አላውቅም።

ክረምቱ ሊገባ ሲል፣ አንድ ረፋድ ላይ፣ አዲስ ስደተኞች የጫኑ ሎሪዎች መጡ። የአገር ሰው ባገኝ ብዬ ወጣሁ። ከውሃው ታንከር አጠገብ አንድ ጎልማሳ ያገኘውን ሁሉ እያስቆመ ስለ እታለም ይጠይቃል። የመንደሯ ሰው ነው። "አውቃታለሁ፣ ጎረቤቴ ናት" ስለው ራቅ አድርጎ ጥላ ሥር ወሰደኝና ድምፁን ዝቅ አደረገ።

"ልጅቱ የለችም" አለኝ።

እናቷ ከወጣች በኋላ ብዙም አልቆየችም። ተቅማጥ ነው የወሰዳት። አያቷ ራሷ አጥባ፣ በራሷ ነጠላ ገንዛ፣ ቤተ ክርስቲያኑ ግቢ ዋርካው ሥር አስቀበረቻት። ጉድጓዱን ከቆፈሩት አንዱ ይህ ሰው ነበር። "ስታጣጥር እናቷን ጠየቀች" አለኝ። "'እናቴ ስትመጣ ተኝቼ ከሆነ ቀስቅሱኝ' አለች። አሮጊቷ ይህችን ቃል ለናቷ አድርሱልኝ ብላኛለች።"

ቀኑን ባስበው፣ እኔ ልጅቷን ወደ ግንቡ ሳስገባት ከተቀበረች ቆይታለች።

ሰውየው ለጥጥ እርሻ ሥራ ወደ ኒው ሀልፋ ከሚሄዱ ሰዎች ጋር ነበር። ሎሪው ጡሩምባውን እየነፋ ይጠራዋል። "መርዶ መንገር አልችልበትም፤ ሽማግሌ ፈልጊና ንገሪ" ብሎኝ ሮጠ። እኔ ጥላው ሥር ልጄን እንዳዘልኩ ቀረሁ።

ካምፑ ውስጥ የብዙዎቻችን ንስሐ አባት የሆኑ አንድ አዛውንት ቄስ ነበሩ። ጎጇቸው ደጃፍ ተቀምጠው አገኘኋቸው። መስቀል ተሳልሜ የልጅቷን መሞት ነገርኳቸው። አማተቡና፣

"ወሯ ገብቷል እንዴ?" አሉኝ።

"ገብቷል፣ አባ። ዛሬ ነገ ትባላለች።"

"እንግዲያው አይነገራትም። በሰላም ትገላገል፣ ባሏም ይምጣ። በዚህ ጉልበቷ መርዶ ብትሰማ ሁለቱንም እናጣለን።"

"አባ፣ ስለ ልጅቷ በየቀኑ ትጠይቀኛለች።"

"ምን ትያታለሽ?"

አፍሬ አፍሬ ስለ ግንቡ ነገርኳቸው። ይቆጡኛል ብዬ ነበር። መስቀላቸውን በጣታቸው እያሻሹ ብዙ አሰቡ። "የምትያትን በይ" አሉኝ በመጨረሻ። "ዛሬ ዝም ካልሽ ታውቃለች።"

ልክ ነበሩ፤ በአገራችንም ወጉ እንደዚያ ነው። በማግስቱ እታለም ሆዷን ይዛ እየተነፈሰች ከጎኔ ተቀመጠች። "ዛሬስ?" አለችኝ። "ዛሬም እንዳለች ናት" አልኳት። ቃሉ ትናንት ከወጣው ቃል አልተለየም፤ እኔ ግን አፌ ውስጥ አሸዋ የገባ መሰለኝ። ለመቀጠል ልጅቷን በዓይነ ኅሊናዬ ፈለግኳት። ዓይኗን ገልጣ አየችኝ። ዓይኗን እንዳየሁ መናገር አቃተኝና፣ "ተኝታለች" አልኩ።

"ትናንት ሽምብራ ትቅም አልነበር?" አለች ከወዲያ አንዷ። "ነቅታ ከነበረች እንዴት ትተኛለች? ጊዜ የለም አላልሽም?"

እታለም ፈጠን ብላ፣ "ተዉዋት" አለች። "ደክሟት ነው። ትተኛልኝ።"

ከዚያ ቀን ጀምሮ ልጅቷ እተኛችበት ቀረች። ዛሬም ድረስ የሚከነክነኝ ደግሞ ሌላ ነው፤ ካወቅኩ በኋላ ተረቴ አማረ። ዝም ካልኩ ታውቃለች የሚለው ፍርሃት አንደበቴን ፈታው። ትራሷን፣ የለበሰችውን ቡልኮ፣ ከእግሯ ሥር የተኛችውን ድመት አመጣሁ። የቆሰለው እግሯ እየባሰበት አለመሄዱን ነገርኳት። ሴቶቹ አጨበጨቡልኝ። ጭብጨባውን ስሰማ ለአፍታ፣ አዎ ለአፍታ፣ የማወራው ስለ ሞተ ልጅ መሆኑን እረሳ ነበር። በዚያ ሁሉ ጊዜ የኔ ልጅ ጉልበቴ ላይ ተቀምጦ ወተቱን ይጠጣል። ጉንጩ መሙላት ጀመረ። ስይዘው እየከበደኝ ሲሄድ ደስታዬን እደብቃለሁ። እታለም አንዳንዴ ተቀብላ ትታቀፈውና "ወፍሮልሻል፣ እሰይ" ትለኛለች፤ እኔ መሬት መሬት አያለሁ።

ምጥ የያዛት ቀትር ላይ፣ ዶፍ እየወረደ ነው። አዋላጆቹ ማርያምን እየጠሩ ወገቧን ያሹላታል። እኔ እጇን ይዣለሁ። ምጡ ፋታ ሲሰጣት ወደኔ ዞረች።

"ንገሪኝ" አለች።

"እንዳለች ናት፣ እታለም። ተኝታለች።"

"በሩን መቼ ነው የምከፍተው?"

"ዝናብ ሲጥል።"

የጎጆውን ሣር የሚደበድበውን ዝናብ አዳመጠች። "እየዘነበ ነው እኮ" አለችኝ።

"እዚያ ገና ነው" አልኳት። ከዋሸኋት ሁሉ ይቺን መርሳት አልቻልኩም። ማንም አላዘዘኝም፤ ወግም አይደለም። ፊቷ ላይ የመጣውን ተስፋ ስላየሁ ብቻ አፌ ያመጣው ነው።

ሴት ልጅ ወለደች። እኔ አሁን ይነገራት ይሆናል ብዬ አባን ጠየቅኳቸው። "አራስ መርዶ አይነገራትም፤ ወተቷ ይደርቃል" አሉኝ። "ሕፃኗ ክርስትና ትነሣ፤ ያኔ አባትየውም ይመጣል።" እናም ከዚያ ወዲያ ደግሞ፣ አራስ ቤት እየገባሁ፣ ገንፎ እያገነፋሁ፣ ያው "እንዳለች ናት" ቀጠለ። እታለም አዲሷን ልጅ እያጠባች፣ "እህትሽ በሩ ሲከፈት ታይሻለች፤ ምን ትል ይሆን?" ትላታለች።

ባሏ ለክርስትናው ከመፋዛ መጣ። ክርስትናው ካለፈ በኋላ ሽማግሌዎቹ ለብቻው ጠርተው ነገሩት። በማግስቱ ጎህ ሲቀድ፣ ነጠላችንን አዘቅዝቀን ደጇ ቆምን። አባ ከፊት ናቸው። እታለም ሕፃኗን ታቅፋ ወጣችና በሩ ላይ ቀጥ አለች። መጀመሪያ ያየችው ሽማግሌዎቹን ነው፤ ከዚያ ጋቢውን ራሱ ላይ የጠመጠመውን ባሏን።

"ልጄ፣ ሕፃኗን ለሰው ስጪ" አሏት አባ።

ያኔ ገባት። ከሁሉ የቀረብኳት እኔ ስለነበርኩ ሕፃኗን ለኔ አቀበለችኝ። እጇ ከእጄ ሳይላቀቅ ዓይኔን አየችኝ።

"አንቺም ታውቂ ነበር?"

ሕፃኗን ደረቴ ላይ አጥብቄ ያዝኩ። እታለም መልሱን ከፊቴ አነበበችና ለቀቀችኝ። ከዚያ በኋላ የሆነውን ለቅሶ የደረሰበት ሁሉ ያውቀዋል።

ለቅሶው ካለፈ በኋላ ሸሸኋት። ውሃ የምቀዳበትን ሰዓት ቀየርኩ። ድንኳኑ ውስጥ ከበሩ አጠገብ፣ ከሷ ርቄ መቀመጥ ጀመርኩ። ሴቶቹ "ግንቡስ?" ሲሉኝ "አልቋል" አልኳቸው። አባ ዘንድ ሄጄ አለቀስኩ። "ያዘዝኩሽ እኔ ነኝ" አሉኝ፤ "ዕዳው በኔ ይሁን፣ አንቺ ነፃ ነሽ።" መስቀላቸውን ተሳልሜ ወጣሁ፤ ይዤ የገባሁትን ሸክም ይዤ።

አንድ ቀን ቀትር ላይ እታለም ሕፃኗን አዝላ ጎጆዬ ድረስ መጣች። ደጃፌ ካለው የሣር ዳስ፣ ከራኩባው ጥላ ሥር ቁጭ አለች። ውሃ ሰጠኋት፤ ጠጣች።

"ተረት ልሰማ አልመጣሁም" አለችኝ። "ሽማግሌዎቹ አረፈች ብቻ ነው ያሉኝ። ሰውየው ያገኘው አንቺን ነው አሉ። ያለሽን ሁሉ ንገሪኝ።"

ነገርኳት። ስለ ተቅማጡ፣ ስለ አያቷ ነጠላ፣ ስለ ዋርካው። እያቆመችኝ ትጠይቀኛለች፤ ጠዋት ነበር ወይስ ከሰዓት? ቄስ ነበረ? ስንት ሰው ቆመላት? የማውቀውን መለስኩ፤ የማላውቀውን አላውቅም አልኩ። በመጨረሻ የቀረችውን ቃል ነገርኳት። እናቴ ስትመጣ ተኝቼ ከሆነ ቀስቅሱኝ።

እታለም ውሃ የጠጣችበትን ጣሳ መሬት አስቀመጠች።

"ይቺንም ይዘሻት ነበር?" አለችኝ።

"አዎ።"

"ለአባ ነግረሻቸው ነበር?"

"አልነገርኳቸውም።"

"ሞቷን ሸሸጋችሁኝ፤ እሺ፣ ወግ ነው፣ እኔም ለሰው አድርጌዋለሁ። ይቺን ግን የላከችው ለኔ ነበር። የኔ ነበረች።" ድምፅዋ ከፍ አላለም። "ቀስቅሱኝ ብላ ልካ፣ አንቺ በየቀኑ ተኝታለች ትይኛለሽ። እኔም ትተኛልኝ እላለሁ።"

እግሯ ላይ ልወድቅ ብዬ ተነሣሁ። በእጇ ከለከለችኝ። "ቁጭ በይ፤ ልጅሽ ይፈራል" አለችኝ። ልጄ እውነትም ከንፈሩን ጥሎ ያየን ነበር። ጎትታ አቀፈችው፤ እንባዋ አናቱ ላይ ወረደ። ከዚያ አቀበለችኝና ሄደች።

አልተጣላንም። ባገኘችኝ ቁጥር ሰላም ትለኛለች፤ ልጄ ሲታመም መጥታ ጠይቃኛለች። "ዛሬስ?" ብላኝ ግን አታውቅም። ዝናቡ ከተባረከ በኋላ፣ እናቷን ለማየትና የልጇን መቃብር ለመሳለም፣ ከባሏ ጋር ወደ አገሯ ተመለሰች። እኔ የምመለስበት ቤት ስላልነበረኝ ቀረሁ። ልጄን ገዳሪፍ አሳደግኩት። ሲያድግ እንደ ልጆች ሁሉ ተረት ይለምነኝ ነበር። ጅብና ቀበሮ እነግረዋለሁ። ስለ ግንቡ ነግሬው አላውቅም።

ከብዙ ዓመት በኋላ፣ በሰሊጥ ወቅት፣ ገዳሪፍ ገበያ ውስጥ አንዲት ረዥም ሴት ከጀርባዬ ያዘችኝ። ስዞር ያው ፍንጭት ጥርስ። ለአጨዳ ከሰዎች ጋር መጥታ ወደ እርሻው ልትጫን ነው። ያኔ የተወለደችው ልጅ አብራት አለች፤ ቁመቷ እናቷን ሊያክል ምንም አልቀረውም። ተቃቅፈን ተላቀስን። አንድ ፉል ቤት ገብተን ከአንድ ሳሕን በላን። ስለ ዝናቡ አወራችኝ፣ ስለ እናቷ ማረፍ፣ ከዚያ በኋላ ስለወለደቻቸው ልጆች። ይቅር በይኝ የምትለዋን ቃል ይዤ እጠብቃለሁ። አፌን በከፈትኩ ቁጥር እሷ ትቀድመኛለች፤ "ልጅሽስ? ጋራጅ ገባ አልሽኝ? ቁመቱስ? ሚስት አላሰበም?" ይቅርታ ልጠይቅ እንደፈለግኩ አውቃ ይሁን፣ እንዲሁ በናፍቆት ይሁን፣ አልተለየኝም።

ሹፌሩ "ያላ! ያላ!" እያለ ሎሪው ላይ ውጡ አላቸው። እታለም ቀድማ ወጣች፤ ልጅቷን ከታች ደግፌ አወጣሁላት። ልጅቷ ከላይ ሆና እያየችኝ እናቷን አንድ ነገር ጠየቀቻት፤ ማን ናት ያለች መሰለኝ። እታለም ወደ ጆሮዋ ጎንበስ ብላ መለሰችላት። ሞተሩ ተነሥቶ ነበርና ያለቻትን አልሰማሁም። ልጅቷ ወደኔ ዞራ እጇን አውለበለበችልኝ።